ጥሩ ሥራ ራሱን ያስተዋውቃል? ውሸት ነው!

ባለፈው ቅዳሜ ከመካኒሳ ወደ ለቡ በታክሲ እየሄድኩ ነው። ከፊቴ ሁለት ወጣቶች አንድ ስልክ ላይ ተደፍተው ዘፈን ይሰማሉ። ድምፁን ወዲያው ለየሁት፤ አያሌው መስፍን ነው፣ «ሀሳቤ»። አንደኛው «ማነው ይሄ?» አለ። ጓደኛው ምን ቢል ጥሩ ነው? «እኔንጃ፣ ፈረንጆች ያገኙት የድሮ ዘፋኝ ነው።»

ረዳቱ ደግሞ በዚያው ሰዓት «ሙዚቃ ሰፈር ወራጅ አለ?» ይላል።

አላስቻለኝም፣ ጣልቃ ገባሁ። ልጆቹ በጨዋ ደንብ አዳመጡኝ። አጠገቤ የተቀመጡ አንድ ጎልማሳ ግን ነገሩን ዘጉት፦ «ጎበዝ ቢሆንማ እስከ ዛሬ እናውቀው ነበር። ጥሩ ሥራ ራሱን ያስተዋውቃል።» ወራጅ ብዬ ወረድኩ።

ለምን እንደዚህ እንደከነከነኝ ልንገራችሁ። ይቺን አባባል እኔ ራሴ ለዓመታት ክፍል ውስጥ ስደጋግማት ኖሬያለሁ። ተማሪዎቼ የነበራችሁ ታስታውሳላችሁ። ዛሬ የምጽፈው ያን ቃሌን ለማንሳት ነው።

እስቲ ከራሱ ከጋሽ አያሌው እንጀምር። ወልድያ ተወልዶ አዲስ አበባ የገባ፣ ከጥቁር አንበሳ ባንድ ጋር ሁለት ደርዘን ሊሞላ ትንሽ የቀረው ሸክላ ያስቀረጸ ሰው ነው። ደርግ መጣ። ሰውዬው ምን አደረገ? ዘፈኑን በካሴት አባዝቶ በሺዎች የሚቆጠር ኮፒ በነጻ ለሕዝብ አደለ። ልብ በሉ! ዘፋኙ ራሱ አከፋፋይ፣ ራሱ አስተዋዋቂ፣ በዛሬ ቋንቋ ራሱ የሕዝብ ግንኙነት ሆነ ማለት ነው። ታሰረ። ከእስር ከወጣ በኋላም ከአሥር ዓመት በላይ እንዳይሠራ ታገደ።

አሁን ጥያቄዬን ስሙኝ። ጥሩ ሥራ ራሱን የሚያስተዋውቅ ቢሆን ኖሮ፣ ደርግ የካሴቱ መታደል ምን አሳሰበው? እቤቱ ቁጭ ብሎ ቢያንጎራጉር ማን ይነካው ነበር? መንግሥትን ያስፈራው የዘፈኑ ከእጅ ወደ እጅ መሄድ ነው። ደርግ ይሄን ከእኛ በተሻለ ያውቅ ነበር። በየቀበሌው የኪነት ቡድን ያቋቋመው ለጨዋታ መሰላችሁ? ዕድሜያችሁ የሚፈቅድ ታስታውሳላችሁ፤ በየአዳራሹ ያሸበሸበ ሁሉ የማስተዋወቅ ሥራ ላይ ነበር። የማዳረስን ጉልበት አፋኙ ተረድቶት፣ እኛ አዋቂ ነን ባዮቹ «ራስን ማስተዋወቅ ነውር ነው» እያልን ቀረን።

በዚያው ዘመን ፈረንጅ አገር ምን እየሆነ ነበር? የፓንክ ዘመን ነው። እ.ኤ.አ. በ1977 መጀመሪያ ላይ ባዝኮክስ የሚባሉ የማንቸስተር ልጆች ከቤተሰብና ከወዳጅ ገንዘብ ተበድረው የመጀመሪያ ሸክላቸውን ራሳቸው አሳተሙ። ማንም ኩባንያ አልጠበቁም። የፓንክ ልጅ ዘፋኝም ነው፣ ፖስተር ለጣፊም ነው፣ ጋዜጣ ቤት ደጅ ጠኚም ነው። ይሄ ዛሬ በመጽሐፍ በፊልም እንደ ጀግንነት ይተረካል። የእኛው ሰው እስር ቤት ደጃፍ ላይ ቆሞ ያንኑ ሲያደርግ ግን የሚተርክለት አላገኘም። ልዩነቱ የሥራው ጥራት ነው የሚለኝ ካለ፣ ሁለቱን ጎን ለጎን አድርጎ ይስማና ይፍረድ።

ጋሽ አያሌው ዴንቨር፣ ኮሎራዶ ተቀመጠ። እ.ኤ.አ. በ2018 አንድ የሎስ አንጀለስ አሳታሚ ዘፈኖቹን ሰብስቦ «ሀሳቤ» በሚል ርዕስ አወጣቸው። የታክሲው ልጅ «ፈረንጆች ያገኙት» ያለው ለዚህ ነው። ልጁን አልፈርድበትም። እኛ ካልነገርነው ከማን ይስማ?

የጋሽ አያሌው ብቻ ቢሆን ዕድል ነው እንል ነበር። የዋልያስ ባንዱ ኃይሉ መርጊያ አሜሪካ ቀርቶ ዋሽንግተን ታክሲ እየነዳ ኖረ። እ.ኤ.አ. በ1985 የቀዳውን ካሴት አንድ አሜሪካዊ ባሕር ዳር ውስጥ አግኝቶ በ2013 እንደገና አሳተመው፤ ከዚያ ወዲህ የዓለም መድረክ ተከፈተለት። ካሴቱ በእነዚያ 28 ዓመታት አልተሻሻለም። ያው ካሴት ነው! የተቀየረው አንድ ነገር ብቻ ነው፦ የሚያዞረው ሰው ተገኘ።

ጌታቸው መኩሪያስ? ሽለላና ፉከራን በሳክስፎን የተጫወተ ሰው፣ ዕድሜው ሰባ ሊሞላ ሲል እ.ኤ.አ. በ2004 አምስተርዳም የጠራው ማነው? ዘ ኤክስ የሚባል የሆላንድ ፓንክ ባንድ፣ 25ኛ ዓመቱን ሲያከብር። በ2006 «ሞዓ አንበሳ»ን አብረው አሳተሙ። እንግዲህ እነዚያ ከ1979 ጀምሮ የራሳቸውን ሥራ በራሳቸው ማዞር የለመዱ ፓንኮች፣ የእኛንም ሽማግሌ ይዘው አዞሩልን።

ፈረንጆቹን እየሰደብኩ አይደለም፤ ሠርተዋል፣ እግዜር ይስጣቸው። ፍራንሲስ ፋልሴቶ ከ1997 ጀምሮ «ኢትዮፒክስ»ን በተከታታይ ባያወጣ ስንቱ ዘፈን ጠፍቶ ይቀር ነበር። ግን ዋጋ አለው። ታሪኩን የሚያዞር ሰው ስሙንም ያወጣለታል። ዛሬ ወጣቱ የሚያውቀው የተከታታዩን ስም እንጂ የዘፋኙን፣ የደራሲውን፣ የአቀናባሪውን ስም አይደለም።

ደግሞ እኛ ዘንድም የሚያዞር ሰው አልነበረም እንዳይባል። አምሃ እሸቴ ገና በሃያዎቹ ዕድሜው እያለ፣ ሸክላ የማሳተም መብት የሀገር ፍቅር ብቻ በነበረበት ጊዜ፣ እታሰራለሁ ብሎ ሳይፈራ እ.ኤ.አ. በ1969 የራሱን ማሳተሚያ ከፈተ። የዓለማየሁ እሸቴን ዘፈን ሕንድ አገር ልኮ አሳተመ። አምሃ ድምፃዊ አልነበረም። ግን «ወርቃማው ዘመን» እያልን የምንመጻደቅበት ዘመን ያለ እሱ ምን ይመስል ነበር? በስሙ የተሰየመ መንገድ የምታውቁ ካላችሁ ንገሩኝ።

«ታዲያ ዛሬ ማስተዋወቅ መቼ ጠፋ? ቲክቶክ ሞልቶ የለም ወይ?» ትሉኛላችሁ። ልክ ናችሁ፣ ጩኸት ሞልቷል። ግን ሥራ ሳይኖር መጮህ ሌላ፣ ሥራን ተሸክሞ ሰው ዘንድ ማድረስ ሌላ። አንዱ ስለበዛ ሌላውን መናቅ፣ ጠላ ስለተበላሸ ገብስ አይዘራ እንደማለት ነው።

አሁን ወደ ራሴ ልምጣ፤ ይሄን ሁሉ ያስለፈለፈኝ እሱ ነው። ጎፋ ያደገ አንድ ተማሪ ነበረኝ፤ ስሙን አልጠራም። ድምፅ ነበረው። ሁለት ዓመት ቆጥቦ አንድ ዘፈን ስቱዲዮ ገብቶ ሠራ። ከዚያ ወደ እኔ መጣና «ቲቸር፣ ሬዲዮ ጣቢያ ለጣቢያ እየዞርኩ ልስጥ? ፖስተር ላሠራ?» ብሎ አማከረኝ። እኔ ሆዬ፣ ትልቅ ሰው መስዬ «ራስህን አታቅልል፣ ሥራህ ይናገር» አልኩት። ልጁ ሰማኝ። አክባሪ ልጅ ነው፣ ዝም ብሎ ቁጭ አለ።

በቀደም ጀሞ አገኘሁት። የግንባታ ዕቃ ሱቅ ውስጥ ሂሳብ ይሠራል። ዘፈኑን አነሳሁበት። «ቲቸር፣ ዘፈኑ አልተናገረም» አለኝ፣ እየሳቀ። ይቅርታ ጠየቅኩት። ቡና ጋበዘኝ። እኔን እንኳ አልወቀሰኝም፤ ይሄ ነው የባሰ ያመመኝ።

ስለዚህ አንድ ነገር ልለምናችሁ። ዘፈን ስትለጥፉ ከሥሩ የዘፋኙን፣ የግጥምና የዜማ ደራሲውን፣ የባንዱን ስምና ዓመተ ምሕረቱን ጻፉ። አምስት ደቂቃ አይፈጅም። የሕዝብ ግንኙነት ሆናችሁ በየመሥሪያ ቤቱ የተቀመጣችሁ ልጆቼ ደግሞ፣ ከሪባን ቆረጣ ፎቶ ተርፎ ጊዜ ከተገኘ፣ በየሰፈራችሁ ያሉትን አንጋፋዎች ሄዳችሁ ቅረጹ። በሕይወት እያሉ! ለቅሶ ቤት የሚነበብ የሕይወት ታሪክ የማስተዋወቅ ሥራ አይደለም።

ዘፈን ሠርታችሁ አፍራችሁ የተቀመጣችሁም አምጡት። እዚህ ገጽ ላይ እለጥፈዋለሁ፣ ስማችሁን ጽፌ። የዚያን ልጅ ዘፈንም አስፈቅጄዋለሁ፤ ነገ ጠዋት እለጥፈዋለሁ።

ድሮ «ሼር አድርጉ» የሚል ሰው ሳይ ይቀፈኝ ነበር። ዛሬ ሳላፍር እላለሁ፦ ነገ ዘፈኑን ስለጥፍ ሼር አድርጉት።