ወርሃዊ ክፍያው ሳይሆን ድምሩ፦ የቤት ብድርና «ከወለድ ነፃ» ውል ከቡታጅራ ሲታዩ

ዓረፋ ሲቃረብ ከአዲስ አበባ በዓለም ገና በኩል ወደ ቡታጅራ የሚወስደው 130 ኪሎ ሜትር ያህል መንገድ አገር ቤት በሚገቡ ወገኖች ይጨናነቃል። ከመርካቶና ከየከተማው የመጡ ልጆች ወላጆቻቸውን ይጠይቃሉ፣ ይታረቃሉ፣ ይዳራሉ። ቡናው ሲቀርብ ደግሞ ወሬው ወደ ቤት ሥራ ይዞራል። ማን መሠረት አወጣ? ማን ጣራ መታ? ማን የወላጆቹን ቤት ካርታ ባንክ አስያዘ?

በእንዲህ ያለው ጨዋታ ላይ ብድር ለመውሰድ ያሰበ ሰው መጀመሪያ የሚጠየቀው «በወር ስንት ይደርስብሃል?» ተብሎ ነው። ይህ ጥያቄ ብቻውን ብዙ ቤተሰብ ሲያሳስት ኖሯል። መጠየቅ ያለበት «የመጨረሻውን ክፍያ ስከፍል በአጠቃላይ ስንት አውጥቻለሁ?» የሚለው ነው። በዚህ ጽሑፍ ይህንኑ ሒሳብ እንሠራለን። ቀጥሎም «ከወለድ ነፃ» የሚለው ስም ሒሳቡን የቱ ጋ እንደሚቀይረው፣ የቱ ጋ ደግሞ እንደማይቀይረው እናያለን።

የ2 ሚሊዮን ብሩ ሒሳብ

ለምሳሌ አንድ ሰው 2,000,000 ብር በ16 በመቶ ዓመታዊ ወለድ፣ በ20 ዓመት በየወሩ እኩል እየከፈለ ለመጨረስ ተበደረ እንበል። የወለድ መጠኑ ከባንክ ባንክና ከጊዜ ጊዜ ይለያያል። እዚህ የወሰድነው ለስሌት እንዲመች ነው።

ወርሃዊ ክፍያው 27,825 ብር ገደማ ይሆናል። ይህ በ240 ወራት ሲባዛ 6,678,000 ብር ይደርሳል። ማለትም ለተበደረው 2 ሚሊዮን ሌላ 4,678,000 ብር ጨምሮ ይመልሳል። የአንድ ቤት ብድር ከሦስት ቤት በላይ ከፈለ ማለት ነው።

ከዚህ የባሰው ገንዘቡ የሚሄድበት ቅደም ተከተል ነው። በመጀመሪያው ወር ከሚከፈለው 27,825 ብር ውስጥ 26,667ቱ ወለድ ነው። ከዋናው ዕዳ የሚቀነሰው 1,158 ብር ብቻ ነው። በመጀመሪያው ዓመት 333,900 ብር ከፍሎ ዕዳው የሚቀንስለት በ15,000 ብር ገደማ ነው። አምስት ዓመት ከፍሎ፣ 1,669,500 ብር አውጥቶ፣ ቀሪ ዕዳው 1,894,500 ብር ነው። አሥር ዓመት ከፍሎ፣ 3,339,000 ብር አውጥቶ፣ ገና 1,661,000 ብር ይቀርበታል። የዋናው ዕዳ ግማሽ የሚያልቀው ወደ 16ኛው ዓመት ገደማ ነው።

ስለዚህ በአምስተኛው ወይም በስድስተኛው ዓመት ንግዱ ተዳክሞ ወይም ሥራ አጥቶ መክፈል ያቃተው ሰው «ይህን ያህል ዓመት ከፍዬ» ብሎ ቢያዝንም፣ በባንኩ መዝገብ ላይ ዕዳው ገና እንደ አዲስ ነው።

የጊዜ ማራዘም ዋጋ

ያው 2 ሚሊዮን ብር በ20 ዓመት ፈንታ በ10 ዓመት ቢከፈልስ? ወርሃዊው 33,500 ብር ገደማ ይሆናል፤ ጠቅላላው ደግሞ 4,020,000 ብር። ልዩነቱን ልብ እንበል። በወር 5,680 ብር ገደማ ቀለል ያለ ክፍያ ለማግኘት ተበዳሪው 2,658,000 ብር ይጨምራል፤ አሥር ዓመትም በዕዳ ሥር ይቆያል። «ረጅም ጊዜ ስለሚሰጡኝ አይከብደኝም» የሚለው አባባል እውነት የሚሆነው ለወሩ ብቻ ነው።

ሌላም አደጋ አለ። ብዙ የብድር ውሎች ባንኩ የወለድ መጠኑን እንዲያስተካክል መብት ይሰጡታል። በምሳሌያችን ወለዱ ገና ከጅምሩ ከ16 ወደ 19 በመቶ ቢያድግ ወርሃዊው ወደ 32,400 ብር ይወጣል። ተበዳሪው የቀድሞውን 27,825 ብር ብቻ ልክፈል ቢል የወሩን ወለድ እንኳ አይሸፍንም። እየከፈለ ዕዳው ያድጋል።

ይህ ሩቅ ስጋት አይደለም። የኢትዮጵያ ብሔራዊ ባንክ በጥቅምት 2010 ዓ.ም ዝቅተኛውን የቁጠባ ወለድ ከ5 ወደ 7 በመቶ አሳድጓል። በሐምሌ 2016 ዓ.ም ብር በገበያ እንዲተመን ሲወሰን ደግሞ 15 በመቶ የፖሊሲ ወለድ ተግባራዊ ሆኗል። በሃያ ዓመት ውስጥ ፖሊሲ ስንት ጊዜ እንደሚለወጥ የሚያውቅ የለም።

«ግን ብር እየረከሰ ነው» ለሚሉ

በዚህ ላይ የሚነሳውን ተቃውሞ ችላ ማለት ተገቢ አይደለም። እ.ኤ.አ. በ2022 የአገራችን የዋጋ ንረት ከ30 በመቶ በላይ ነበር። ዋጋ እንዲህ በሚንርበት አገር የዛሬ 27,825 ብር ከአሥር ዓመት በኋላ ትንሽ ገንዘብ ነው፤ ቤቱ ግን ዋጋው ይጨምራል። ተከራይ ሆኖ መኖርም የራሱ ወጪ አለው። የመኖሪያ ቤት ኪራይን የሚቆጣጠረው አዋጅ ቁጥር 1320/2016 ቢያንስ የሁለት ዓመት ውል እንዲኖር ቢደነግግም ኪራይ ኪራይ ነው፣ ተከፍሎ አይመለስም።

ክርክሩ ውስጥ እውነት አለ። ነገር ግን የሚሠራው የተበዳሪው ገቢ ከዋጋ ንረቱ ጋር አብሮ ሲያድግ ብቻ ነው። ደመወዝተኛው ይህ ዋስትና የለውም። የበርበሬና የእህል ነጋዴውም ገቢው እንደ ምርቱ ነው፤ አንዱ ዓመት ጥሩ፣ ሌላው መጥፎ ነው። የብድሩ ቀን ግን መጥፎ ዓመት አያውቅም። ንረቱ ዕዳውን እስኪያቀለው ድረስ ያሉትን የመጀመሪያዎቹን አምስት ዓመታት መሻገር የግድ ነው፤ ብዙዎች የሚወድቁትም እዚያው ነው።

መክፈል ያቃተው ሰው የሚጠብቀው ሕግም ጥብቅ ነው። በአዋጅ ቁጥር 97/1990 መሠረት ባንክ በመያዣ የያዘውን ንብረት ቢያንስ የ30 ቀን ማስጠንቀቂያ ሰጥቶ፣ ፍርድ ቤት ሳይሄድ በሐራጅ መሸጥ ይችላል። በቡታጅራና በአካባቢዋ ለንግድም ሆነ ለግንባታ የሚያዘው ካርታ ብዙ ጊዜ የተበዳሪው ብቻ አይደለም፤ አባት ሠርቶ ያቆየው፣ እናት የምትኖርበት፣ ወንድምና እህት ድርሻ ያላቸው ቤት ነው። አንድ ሰው ሲፈርም የሚያስይዘው የሁሉንም ጣራ ነው።

ከወለድ ነፃ ሲባል ምን ይቀየራል?

ለእኛ ጉዳዩ የሒሳብ ብቻ አይደለም። በሱረቱል በቀራ ሪባ በግልጽ ተከልክሏል፣ ንግድ ተፈቅዷል። በዚህ ምክንያት ብዙ ሙስሊም ከቤት ብድር ርቆ ኖሯል። አዲስ አበባ በ2005 ዓ.ም በተካሄደው የጋራ መኖሪያ ቤቶች ምዝገባ የ20/80ም ሆነ የ40/60 ቤት ቀሪ ክፍያው በባንክ ብድር የሚሸፈን መሆኑ ለብዙ ወገኖቻችን የህሊና ጥያቄ ነበር።

መንገዱ የተከፈተው ቀስ በቀስ ነው። የባንክ ሥራ አዋጅ ቁጥር 592/2000 ለከወለድ ነፃ አገልግሎት በር ከፈተ። እ.ኤ.አ. በ2011 የወጣው የብሔራዊ ባንክ መመሪያ ግን አገልግሎቱን በመደበኛ ባንኮች መስኮት ብቻ ወሰነው። ሙሉ በሙሉ ከወለድ ነፃ ባንክ ማቋቋም የተፈቀደው እ.ኤ.አ. በ2019 ነው። ዘምዘም ባንክ በ2013 ዓ.ም ሥራ ጀመረ፣ ሂጅራ ባንክም ተከተለ። አልሐምዱሊላህ፣ ይህ ትልቅ ለውጥ ነው።

ለቤት በብዛት የሚነሳው ውል ሙራበሃ ነው። ባንኩ ንብረቱን ገዝቶ፣ የገዛበትንና የሚያተርፈውን አሳውቆ፣ በተወሰነ ዋጋ በረጅም ጊዜ ክፍያ ይሸጥልናል። በዱቤ የሚሸጥ ዕቃ በእጅ በእጅ ከሚሸጠው ዋጋው ቢበልጥ ሽያጩ እንደሚፈቀድ ዓለም አቀፉ የእስልምና ፊቅህ አካዳሚ እ.ኤ.አ. በ1990 ጅዳ ባደረገው ጉባኤ ወስኗል። ሌላው አማራጭ እየቀነሰ የሚሄድ ሙሻረካ ነው። ባንኩና ደንበኛው ቤቱን በጋራ ይይዛሉ፤ ደንበኛው ለባንኩ ድርሻ ኪራይ እየከፈለ ድርሻውን ቀስ በቀስ ይገዛል።

ትልቁ ለውጥ የሙራበሃ ዋጋ መቆረጡ ነው። ውሉ 6,678,000 ብር ካለ የፖሊሲ ወለድ ቢጨምርም ባይጨምርም ያው ነው። ክፍያ ቢዘገይ ዕዳው ዕዳ አይወልድም። በሸሪዓ መመዘኛዎች መሠረት የመዘግየት ቅጣት ቢኖር እንኳ ለባንኩ ትርፍ ሳይሆን ለበጎ አድራጎት ይውላል።

የማይቀየረውስ?

አንደኛ፣ ሐላል ማለት ርካሽ ማለት አይደለም። ባንኩ ትርፉን ሲተምን የገበያውን ወለድ እያየ ከሆነ ድምሩ ከመደበኛው ብድር ጋር እኩል ሊሆን ይችላል። «ታዲያ ያው አይደለም ወይ?» የሚል ጥያቄ ሁሌም ይነሳል። ያው አይደለም። የሁለት ውል ዋጋ እኩል መሆን ውሎቹን አንድ አያደርጋቸውም። ልዩነቱ ባንኩ ንብረቱን በእውነት መግዛቱና ኃላፊነቱን መሸከሙ ላይ ነው። ባንኩ ለአንዲት ሰዓት እንኳ ባለቤት ሳይሆን ወረቀት ብቻ ከተፈራረመ ግን ጥያቄው ተገቢ ይሆናል።

ሁለተኛው ብዙ ሰው የማያስበው ነው። ቀድሞ መክፈል። በመደበኛው ብድር ከአሥር ዓመት በኋላ ገንዘብ ያገኘ ሰው ቀሪውን 1,661,000 ብር ከፍሎ ይገላገላል። በሙራበሃ ግን ዕዳው የሽያጩ ዋጋ ስለሆነ በወረቀት የሚቀረው 3,339,000 ብር ነው። ባንኩ ቅናሽ፣ ማለትም ኢብራእ፣ ካላደረገ ልዩነቱ 1,678,000 ብር ገደማ ነው። ቅናሹን በውሉ ላይ አስቀድሞ ማሰር ዑለማዎች የተለያዩበት ጉዳይ ነው። የማሌዥያ ማዕከላዊ ባንክ ባንኮች ይህን ቅናሽ እንዲሰጡ አስገድዷል። እኛም ባንኮቻችን በተግባር ምን እንደሚያደርጉ ከመፈረማችን በፊት መጠየቅ አለብን።

ሦስተኛ፣ ከወለድ ነፃ የሚሠራ ባንክም ባንክ ነው። መያዣ ይይዛል፣ ያልተከፈለውን በሕግ ያስከፍላል። አቅምም ይገድበዋል። የሚያበድረው ገንዘብ በአብዛኛው ደንበኛ በፈለገ ጊዜ ሊያወጣው የሚችል ተቀማጭ ስለሆነ ለ20 ዓመት ማሰር ይከብደዋል። በነሐሴ 2015 ዓ.ም ብሔራዊ ባንክ የባንኮች ዓመታዊ የብድር ዕድገት ከ14 በመቶ እንዳይበልጥ ገድቦ ነበር፤ ገደቡ ኋላ ላይ ላላ።

አራተኛ፣ ባንክ ገዝቶ መልሶ ሲሸጥ ሁለት ጊዜ ስም ማዛወር አለ። የቴምብር ቀረጡና የግብሩ ነገር በግልጽ ካልተፈታ ጭነቱ ደንበኛው ላይ ይወድቃል። ብሪታንያ ይህን ድርብ ቀረጥ ያስቀረችው እ.ኤ.አ. በ2003 በሕግ ነው።

እቁቡስ?

ለጉራጌ እቁብ አዲስ ነገር አይደለም። አርባ ነጋዴዎች በወር 50,000 ብር ቢጥሉ ዕጣ የደረሰው 2,000,000 ብር ያለ አንዲት ብር ጭማሪ ይቀበላል፤ ዕዳውም በ40 ወር ያልቃል። ከላይ ካየነው 6.7 ሚሊዮን ገደማ ጋር ሲነጻጸር ልዩነቱ ግልጽ ነው። ሆኖም ወርሃዊው ከባድ ነው። ዋጋ በዓመት 20 በመቶ ቢንር መጨረሻ ላይ የሚወጣለት ሰው የሚቀበለው 2 ሚሊዮን በዛሬ ዋጋ ከ1,090,000 ብር አይበልጥም። ስለዚህ እቁብ የሚያዋጣው ቤትን በደረጃ ለሚሠራ ነው፤ በአንዱ ዕጣ መሠረትና ብረት፣ በሌላው ግድግዳና ጣራ። ወላጆቻችንም ቤት የሠሩት በዚሁ መንገድ ነው፤ ቤታቸው ቢዘገይም ማንም አልሸጠባቸውም።

ከመፈረም በፊት

በመደበኛ ባንክም ሆነ ከወለድ ነፃ በሆነው፣ መልሱን በጽሑፍ ሳናገኝ ልንፈርም አይገባም፦

• እስከ መጨረሻው ቀን የምከፍለው ጠቅላላ ብር ስንት ነው?
• ዋጋው የተቆረጠ ነው ወይስ ባንኩ ሊለውጠው ይችላል?
• በሙራበሃ ከሆነ ባንኩ ንብረቱን መቼ፣ በማን ስም ይገዛል? በመሀል ጉዳት ቢደርስ ኃላፊው ማን ነው?
• ቀድሜ ብከፍል ስንት ይቀነስልኛል?
• ብዘገይ ቅጣቱ ስንት ነው፣ ወዴትስ ይሄዳል?
• የግምት፣ የኢንሹራንስ፣ የውል ማረጋገጫና የቴምብር ወጪው ድምሩ ስንት ነው?
• የማስይዘው ቤት ውስጥ ማን ይኖራል? እነሱስ ያውቃሉ?

የየውሉን ሸሪዓዊ ፍርድ ለዑለማዎቻችንና ለየባንኩ የሸሪዓ አማካሪዎች እንተወዋለን። እኛ የምንለው ይህን ነው። በቁርኣን ውስጥ ረጅሙ አያ ስለ ዕዳ መጻፍና ስለ ምስክር ነው። አላህ (ሱ.ወ.) ጉዳዩን እንዲህ ካከበረው፣ የሃያ ዓመት ውል ባንክ ቤት ቆመን የምንፈርመው ወረቀት ሊሆን አይገባም። ውሉን ወደ ቤት እንውሰደው፣ ከቤተሰብ ጋር እናንብበው፣ ድምሩን በካልኩሌተር እንሥራው። በሚቀጥለው ዓረፋ ቡናው ሲቀርብም ልጆቻችንን «በወር ስንት?» ብቻ ሳይሆን «በድምሩ ስንት?» ብለን እንጠይቃቸው።

ወላሁ አዕለም።