ደብተሩ በመሃላቸው

ተልተሌ ላይ የማውቃቸው እጮኛሞች አሉ። ማታ ቡና ሲጠጡ ወሬያቸው ዴኮር፣ ቬሎና የመኪና አጀብ ብቻ ነው። «ዛሬ እንዴት ዋልሽ?» ሲላት ሰምቼ አላውቅም። የዕቁቡ፣ የብድሩና የተጠሪው ደብተር ግን ሁሌም በመሃላቸው ነው።

ሰርግ ጠላሁ አላልኩም፤ ጥሬ ሥጋ ሲቆረጥ ከፊት ነኝ። ግን እስከ 2015 ዓ.ም. በዘለቀው ድርቅ ከብቱን በገፍ ባጣ ቦረና መሃል ለአንድ ቀን ድግስ በሬ በብድር ይጣላል? ሕጉስ ቢሆን የጠየቀው የሁለቱን ፈቃድ እንጂ ድንኳን አይደለም!

ባለፈው ሰሞን ተኳረፉ። በምን? በሚዜዎች ከረባት ቀለም። ላስታርቅ ሄጄ ቀለም ሳስመርጥ አመሸሁ። ስወጣ ልጅቷ በር ድረስ ሸኘችኝና፣ «ጋሼ፣ ከሰርጉ በኋላ ስለምን እናወራ ይሆን?» አለችኝ።