ወደ ኋላ የማይዞር ሰዓት

አሥራ አንድ ዓመት የሆናት ልጄ የሃሪ ፖተርን ሦስተኛ ፊልም አይታ እንደጨረሰች ማድ ቤት ድረስ መጣችና «እማዬ፣ እንደ ሄርማዮኒ ያለ ሰዓት ቢኖርሽ የቱን ሰዓት ትመልሺ ነበር?» አለችኝ።

ፊልሙን ላላያችሁት ላስረዳ። እንግሊዛዊቷ ደራሲ ጄ. ኬ. ሮውሊንግ እ.ኤ.አ. በ1999 ባሳተመችው መጽሐፍ ውስጥ ሄርማዮኒ የምትባል ትምህርት የማይበቃት ልጅ አለች። በአንድ ሰዓት የሚሰጡ የተለያዩ ትምህርቶችን እንድትከታተል በወርቅ ሰንሰለት የተንጠለጠለች ትንሽ የአሸዋ ሰዓት ይሰጧታል። አንድ ጊዜ ስታዞራት አንድ ሰዓት ወደ ኋላ ትመለሳለች። በመጨረሻም ሞት የተፈረደበትን እንስሳና በሐሰት የተወነጀለን ሰው ያተርፉባታል።

«ትናንት ወጡ ያረረብኝን ሰዓት» ብዬ አሳቅኳት። እውነተኛው መልስ ግን ሌላ ነበር። የአባቴ አርባ የወጣ ዕለት፣ ከቀኑ 9 ሰዓት አካባቢ።

ታላቅ ወንድሜ ከኮምቦልቻ መጥቶ ነበር። ሰው ቀለል ሲል ጠጋ ብሎ «የአባባን ሰዓት እኔ ብይዘውስ?» አለኝ። እኔ ከአዲስ አበባ እየተመላለስኩ አባቴን ሳስታምም የከረምኩ ነኝ። ደክሞኛል፤ ከፍቶኛል። «ሲታመም ያልመጣህ ሰው ለሰዓቱ መጣህ?» አልኩት፤ ያውም ሰው እየሰማ። ምንም ሳይመልስ ተነሥቶ ወጣ። ይኸው አምስት ዓመት ሆነን።

ከዚያ ወዲህ እናታችን ዓውደ ዓመትን ሁለት ጊዜ ታከብራለች። በዕለቱ ለወንድሜና ለልጆቹ፣ በሳምንቱ ደግሞ ለእኔ። ሁለት ዶሮ፣ ሁለት ጊዜ ጠላ መጥመቅ፣ ሁለት ጊዜ ቄጠማ መጎዝጎዝ። አንድም ቀን «ለምን?» ብላን አታውቅም።

የሰዓቱን ነገር ደግሞ ልንገራችሁ። ቀን የሚያሳይ አሮጌ የእጅ ሰዓት ነው። አባቴ ሰዓቱንም ቀኑንም በእኛ አቆጣጠር ነበር የሚያስተካክለው። እንዲህ ያለው ሰዓት እስከ 31 ይቆጥራል፤ የእኛ ወር ግን 30 ላይ ያልቃል። ስለዚህ በየወሩ መባቻ ማለዳ 31ን ያሳልፈውና 1 ላይ ያመጣዋል። ትልቁ ሥራ የእንቁጣጣሽ ዕለት ነው። ጳጉሜን 5 ቀን ሆና ስታልቅ ሰዓቱ በማግስቱ 6 ይላል፤ እኛ ግን መስከረም 1 ላይ ነን። 1 ላይ ለመድረስ ሃያ ስድስት ቀን ወደ ፊት ማዞር ያስፈልጋል፤ ለእያንዳንዱ ቀን ደግሞ የሰዓት ቆጣሪው ሁለት ዙር መዞር አለበት። ይህን የምንሠራው ወንድሜና እኔ ነበርን፤ አንዱን ቀን እሱ፣ አንዱን ቀን እኔ። «አባባ፣ አምስት ቀን ወደ ኋላ ብንመልሰው አይቀልም?» ስንለው «ወደ ኋላ አይዞርም፤ ጥርሱ ይሰበራል» ይለን ነበር።

ወንድሜ ሰዓቱን ለምን እንደፈለገው አሁን ሳስበው ግልጽ ነው። ያን ዕለት ግን አልታየኝም። ሰዓቱን ወስጄ መሳቢያ ውስጥ ከተትኩት፤ እዚያው ቆመ።

ትምህርት ሲዘጋ እናቴን ልንጠይቅ ደሴ ስንሄድ ሰዓቱን ቦርሳዬ ውስጥ ይዤው ሄድኩ። ሰኞ ገበያ አንድ አዛውንት ሰዓት ሠሪ ዘንድ ወሰድነው። አጉሊ መነጽራቸውን ዓይናቸው ላይ ሰክተው ከፈቱትና «አብሽሪ ልጄ፣ አልሞተም። ዘይቱ ደርቆ ነው» አሉኝ።

እሳቸው ሲጠርጉት ልጄ አላስቻላትም። «አባባ፣ ጊዜን ወደ ኋላ የሚመልስ ሰዓት አይተው ያውቃሉ?»

ሳቁ። «ዓርብ ዓርብ በምንቀራው በሱረቱል ከህፍ ውስጥ ዋሻ ገብተው 309 ዓመት የተኙ ወጣቶች አሉ። ሲነቁ አንድ ቀን ወይም የቀን ከፊል የተኙ መስሏቸው ነበር። እነዚህ ወደ ፊት ነው የሄዱት። ወደ ኋላ የተመለሰ ሰው ግን አልሰማሁም።»

እኔም የእኛው ኢትዮጵያዊ አቤሜሌክ ትዝ አለኝ። ኤርምያስን ከጉድጓድ ያወጣው እሱ ነው። በተረፈ ባሮክ እንደተጻፈው የኢየሩሳሌምን ጥፋት እንዳያይ 66 ዓመት ተኝቶ ሲነሣ በቅርጫቱ የያዘው በለስ ገና ትኩስ ነበር። እሱም ቢሆን ከተማዋ ወዳልጠፋችበት ቀን አልተመለሰም። ሮውሊንግም ብትሆን በአምስተኛው መጽሐፏ ላይ የአስማት ሚኒስቴሩን ጊዜ መላሽ ሰዓቶች በሙሉ ሰባብራቸዋለች።

እኔም አምስት ዓመት የተኛሁ መሰለኝ። ልዩነቱ የእኔ በለስ ትኩስ ሆኖ አልጠበቀኝም። የወንድሜ ትልቁ ልጅ በቁመት በልጦኛል ይላሉ። የእናቴ ጉልበት እያለቀ ነው።

ሰዓቱ መምታት ጀመረ። የቆመው 17 ላይ ነበር፤ ዕለቱ ደግሞ 4 ነው። ሰውየው «በይ አንቺ አስተካክይው» ብለው ለልጄ ሰጧት። ጣቷ ወደ ኋላ ሲሄድ አየሁና «ወደ ኋላ አይዞርም!» አልኩ፤ ልክ እንደ አባቴ። ሰዓት ሠሪው ራሳቸውን ነቀነቁ። «እውነቷን ነው። ቀኑ በሚለወጥበት ሰዓት ላይ ወደ ኋላ ከዞረ ጥርሱ ሊሰበር ይችላል። ወደ ፊት አዙሪው፤ ይደርሳል።»

ከደሴ ኮምቦልቻ ሐረጎን ቁልቁል ከወረዱ ሃያ አምስት ኪሎ ሜትር ገደማ ነው። አምስት ዓመት ሙሉ ወደ ወንድሜ ቤት ያልሄድኩበትን መንገድ በሚኒባስ ወረድነው። መንገድ ላይ ብዙ ንግግር አዘጋጅቼ ነበር። በሩን ሲከፍት ግን የወጣኝ «ጋሼ፣ ያን ዕለት በድዬሃለሁ፤ ይቅር በለኝ» የሚለው ብቻ ነው። ሰዓቱን ዘረጋሁለት። ተቀብሎ ረጅም ጊዜ ዝም ብሎ አየው።

«ቀኑ ልክ ነው?» አለ በመጨረሻ።

«እኔ ነኝ ያዞርኩት!» አለች ልጄ።

«አብሽሪ፣ ግቡ» አለን።

አባባ ሲታመም ለምን እንዳልመጣ አልጠየቅሁትም። ሲፈልግ ይነግረኛል። የተናገርኩት ቃልም እንዳልተነገረ አልሆነም፤ ቡናውን ስንጠጣ መሐላችን እንዳለ ሁለታችንም እናውቃለን። ይሁን እንጂ ውድ አንባቢያን፣ እናንተም የምትመልሱት ሰዓት ካላችሁ የሚመልስላችሁን መሣሪያ አትጠብቁ። ከዚያ ይልቅ የሰውየው ቤት ስንት ኪሎ ሜትር እንደሚርቅ አስቡ።

ለመጪው እንቁጣጣሽ እናቴ የምትገዛው አንድ ዶሮ ብቻ ነው። «ትልቅ ይሁን» ብላለች።