የወርቅ ዘለበት ያለው እረኛ

የእንግሊዝኛ ሥነ ጽሑፍ ከምንማረው መካከል የክሪስቶፈር ማርሎን የእረኛ ግጥም ያላነበበ ጥቂት ነው። እረኛው የወደዳት ሴት አብራው እንድትኖር ይለምናታል፤ የበግ ጠጕር ቀሚስና የወርቅ ዘለበት ያለው ጫማ ሊሰጣትም ቃል ይገባል። በፈተና የምንጠየቀው ግን ስለ ቤት አመታቱና ስለ ምጣኔው ብቻ ነው። ለመሆኑ ይህ እረኛ ወርቁን ከየት አመጣው? በልጅነቱ በግ የጠበቀ በመካከላችን አይጠፋም፤ ከብርዱና ከጅቡ በቀር ወርቅ የሚያስታውስ ካለ ይንገረን። ማርሎም የካንተርበሪ ጫማ ሰፊ ልጅ ነበረና የጫማ ዋጋ አይጠፋውም።

ግጥሙ የታተመው እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር በ1599፣ ማርሎ ከሞተ ከ6 ዓመት በኋላ ነው። በዚያ መቶ ዓመት በእንግሊዝ አገር የበግ ነገር እንደ ዋዛ የሚታይ አልነበረም። ሱፍ ስለሚያተርፍ ብዙ ባለርስቶች የእርሻውንና የጋራውን የግጦሽ መሬት እያጠሩ ለበግ አዋሉት። ብዙ አራሽ ይኖርበት የነበረው መሬት ለአንድ እረኛና ለውሻው ቀረ፤ ገበሬው ተሰደደ። ቶማስ ሞር በ1516 በወጣው «ዩቶፒያ» በጎቹ ሰው በላ ሆኑ ሲል የተሣለቀው ስለዚሁ ነው። በ1549 የኖርፎክ ሕዝብ በሮበርት ኬት መሪነት አጥር እያፈረሰ ተነሣ፤ አመፁ በጦር ተደመሰሰ፤ ኬትም ተሰቀለ። በ1607 ደግሞ በመካከለኛው እንግሊዝ ሕዝቡ በአጥር ምክንያት እንደገና ተነሣ።

«ግጥም የታሪክ መዝገብ አይደለም» የሚል መምህር ይኖራል። እውነት ነው። ኤድመንድ ስፔንሰር በ1579 ባሳተመው፣ በ12ቱ ወራት በተከፈለው ሥራው፣ በእረኞች አፍ ስለ ካህናትና ስለ ቤተ መንግሥት እንደ ተናገረም አልክድም። ነገር ግን የቅኔን ነገር የሚያውቅ ሁሉ ሰሙን ሳይመረምር ወርቁን አያገኝም። የዚህ ግጥም ሰሙ እረኛውና በጉ ናቸው፤ እኛ ግን ሳናያቸው እናልፋለን።

የማርሎ ግጥም ይቅር አላልሁም፤ ውብ ነው። የምለምነው ግጥሙና የሞር መጽሐፍ የመጀመሪያው ክፍል በአንድ ሳምንት ጐን ለጐን እንዲነበቡ ነው። ያን ጊዜ ፈተናው፣ ከቤት አመታቱ ቀጥሎ፣ በግጥሙ ውስጥ ያልታየው ገበሬ ወዴት ሄደ ብሎ ይጠይቀን።