የጎረቤቱን ስም የማያውቅ ከተሜ





እኔ በጭሮ፣ ማለት በአሰበ ተፈሪ ከተማ፣ የሁለተኛ ደረጃ ትምህርት ቤት መምህር ነኝ። ካስተማርኋቸው ልጆች አንዱ ዛሬ በአዲስ አበባ የመንግሥት ሠራተኛ ሆኗል። ባለፈው ክረምት ልጠይቀው ብሄድ በጋራ መኖሪያ ቤት አራተኛ ፎቅ ላይ ታሞ አገኘሁት። ሦስት ቀን በትኩሳት ሲሰቃይ በሩን ያንኳኳ ሰው አልነበረም። ከበሩ ትይዩ የሚኖረው ማን እንደሆነ ብጠይቀው ስሙን አያውቀውም።

በእኛ በኩል፣ በሂርናም ሆነ በበዴሳ ወይም በገለምሶ፣ እንዲህ ያለው ነገር ለጆሮ ይከብዳል። ክርስቲያኑ በዕድሩ፣ ሙስሊሙ በአፎሻው ይጠያየቃል። ሰው ከቡና አንድ ቀን ቢቀር «ምን ሆነ?» ይባላል።

ታዲያ የአዲስ አበባ ሰው ልቡ ደንድኖ ነውን? አይመስለኝም። ዕድርን ያስፋፋው ራሱ ከተሜው ነው። ችግሩ ከአሰፋፈሩ ላይ ነው። ከ1990ዎቹ ዓመታት አጋማሽ ወዲህ የተሠሩት የጋራ መኖሪያ ቤቶች የታደሉት በዕጣ ስለሆነ፣ የማይተዋወቁ ሰዎች በአንድ ደረጃ ይወጣሉ፤ ይወርዳሉ። ብዙ ባለዕጣዎችም ቤታቸውን ያከራያሉ። ተከራዩ ኪራይ በተጨመረ ቁጥር ስለሚለቅ፣ ነገ ለሚለየው ሰፈር የዕድር መግቢያ መክፈል ኪሳራ ይመስለዋል።

ነገሩ የእኛ ብቻ አይደለም። የብሪታንያ መንግሥት እ.ኤ.አ. በ2018 የብቸኝነትን ጉዳይ ለአንድ ሚኒስትር ሰጥቷል። የዓለም ጤና ድርጅትም እ.ኤ.አ. በ2025 ባወጣው ሪፖርት፣ በዓለም ከስድስት ሰዎች አንዱን ብቸኝነት እንደሚያጠቃው ገልጿል።

የእኛ መድኃኒት ግን በእጃችን ነው። የመኖሪያ ቤት ኪራይ አዋጅ ቁጥር 1320/2016 የኪራይ ውል ከሁለት ዓመት እንዳያንስ ደንግጓል። ሁለት ዓመት የሚቀመጥ ሰው ጎረቤት ነው። እንግዲህ የየሕንፃው ዕድሮች ተከራዩን በአነስተኛ መዋጮ ቢቀበሉትና ለሞተ ብቻ ሳይሆን ለታመመም ቢደርሱ መልካም ነው። በየመሥሪያ ቤቱ ያላችሁ ወንድሞችና እኅቶችም፣ ከሥራ የቀረውን ባልደረባ በመቅረት መዝገብ ከማስፈር በፊት ቤቱ ሄዳችሁ ጠይቁት።

ተማሪዬ ዛሬ ድኗል። የዚያን ዕለት ማታ ግን የጎረቤቱን በር ያንኳኳሁት እኔ ነበርሁ። ሰውዬው ትኩስ አጥሚት ይዘው ሲመጡ፣ «እዚህ ሰው መኖሩንስ መች አውቄ!» አሉኝ።

አንድ መምህር
ከጭሮ