ጎረቤት ይብላ፣ ካሜራው ይጹም

አቋሜን መጀመሪያ ልናገርና ከዚያ እንከራከር። ለሠርግ ብዙ ሰው መጥራት ችግር የለውም። ችግሩ ተበድሮ መደገስ ነው። እኛ ዘንድ ግን ወጪ እንቀንስ የሚሉ ሙሽሮች መጀመሪያ የሚሰርዙት ጎረቤታቸውን ነው፤ ካሜራውን የሚሰርዙት መጨረሻ ላይ ነው፣ እሱንም ከሰረዙት። መሆን ያለበት ተገላቢጦሹ ነው እላለሁ።

የምኖረው ሚዛን ተፈሪ ነው። ከአማን ጋር ተዋህዶ በወረቀት ላይ ሚዛን አማን ቢባልም አፋችን ላይ ያው ሚዛን ነው። ሚዜ የሆንኩባቸውን ሠርጎች መቁጠር ትቻለሁ። በዚያ ላይ የሠፈራችን ዕቁብ ጸሐፊ ነኝ። የዕቁብ ጸሐፊ ሠርግ መኖሩን ከቄሱም ከፓስተሩም ቀድሞ ያውቃል፤ ዕጣ የወጣለትን ሰው ለምኖ ተራ ሊለዋወጥ የሚሯሯጥ ወጣት ካያችሁ ወይ ቤት እየሠራ ነው ወይ ሊያገባ ነው። ቤት የሚሠራው ጥቂት ነው።

ስለዚህ ጓደኞቼ ለሠርግ ሲዘጋጁ የሚጠይቁኝ ጥያቄ ሁልጊዜ ተመሳሳይ ነው። ጥያቄዎቹን በተራ ላንሳቸው።

«ስንት ሰው እንጥራ?»

ይህን ጥያቄ የሚጠይቀኝ ሰው ብዙውን ጊዜ የሚፈልገው «ትንሽ ጥሩ» እንድለው ነው። አልለውም። እናትህ ሃያ ዓመት ሙሉ በሰው ሠርግ ሽንኩርት ስትልጥና እንጀራ ስትጋግር፣ በሰው ለቅሶ ላይ ንፍሮ ስትቀቅል ኖራለች። ያ ሁሉ ድካም የተቀመጠው በሌሎች ሴቶች ትዝታ ውስጥ ነው። «ብድር በምድር» የሚባለው ለዚህ ነው። የልጇ ሠርግ ሲደርስ እነዚያን ሴቶች አትጥሪ ማለት ያጠራቀመችውን ገንዘብ ከባንክ እንዳታወጣ መከልከል ነው።

ደግሞስ ጎረቤት ስንት ያስወጣል? ድንኳኑ፣ ወንበሩና ብረት ድስቱ የዕድር ነው። አንዷ ቅቤ ይዛ ትመጣለች፣ ሌላዋ እንጀራ፣ ሌላዋ ጉልበቷን። ሚዛን ውስጥ ቤንቹም፣ ሸኮውም፣ ከፋውም፣ አማራውም፣ ኦሮሞውም አንድ ዕድር ውስጥ አለ። ኦርቶዶክሱ ከፕሮቴስታንቱና ከሙስሊሙ ጋር ግድግዳ ይጋራል። ለሙስሊም እንግዶች በራሳቸው ሰው ታርዶ፣ በራሳቸው ድስት ተሠርቶ ለብቻ ይቀርባል። ጠጅ ለማይጠጣው ብርዝ አለ። ቆጮ፣ ጎደሬ፣ በቡና ቅጠል የተፈላ ጨሞ ቢቀርብ የሚቀየም ሽማግሌ አላየሁም። ይህ ድግስ ድካም አለው፣ ወጪም አለው፤ ግን ተመላሽ ወጪ ነው። ሙሽራዋ ስትወልድ ገንፎ ይዘው የሚመጡት፣ ሙሽራው ሲታመም ሆስፒታል የሚያድሩት እነዚያው የበሉት ሰዎች ናቸው።

እኔ ብቻ አይደለሁም ይህን የምል። በአሜሪካ ኢሞሪ ዩኒቨርሲቲ አንድሩ ፍራንሲስና ሁጎ ሚያሎን የተባሉ የኢኮኖሚክስ ምሁራን በ2014 እ.ኤ.አ. ትዳር የመሠረቱ ከ3,000 በላይ ሰዎችን ጠይቀው ነበር። ለሠርጉ ብዙ ገንዘብ ያወጡት ትዳራቸው ቶሎ የመፍረስ ዝንባሌ ታየበት። ብዙ እንግዳ የተገኘላቸው ደግሞ ትዳራቸው የመቆየት ዝንባሌ ነበረው። ጥናቱ የአሜሪካ ነው፣ አንዱ የሌላው መንስኤ ነው ብሎም አያረጋግጥም። ግን ብዙ ሰውና ብዙ ገንዘብ ሁለት የተለያዩ ነገሮች መሆናቸውን ለማየት ይበቃል። እኛ ነን ቀላቅለን «ትልቅ ሠርግ» የምንላቸው።

ታጂኪስታን በ2007 እ.ኤ.አ. የሠርግ እንግዳን ቁጥር በሕግ ገደበች። ዓላማው ድሃው በድግስ እንዳይከስር ነበር። ዓላማው ይገባኛል፤ የተቆረጠው ግን የተሳሳተው ቅርንጫፍ ይመስለኛል።

«ቬሎው፣ ዲኮሩ፣ መኪናው፣ ቪዲዮውስ?»

እዚህ ላይ ነው መቀሱ መምጣት ያለበት።

አዲስ አበባ ከእኛ 560 ኪሎ ሜትር ገደማ ትርቃለች። ከዚያ በጅማና በቦንጋ በኩል እየተጫነ የሚመጣ ነገር ሁሉ የመንገዱን ዋጋ ይዞ ይመጣል። ቬሎው ለቀናት ኪራይ ነው፣ መያዣ ያስይዛል። ዲኮሩ ጠዋት ተሰቅሎ ማታ ይወርዳል። የፕላስቲክ አበባ ነው፤ ዓመቱን ሙሉ አረንጓዴ በሆነ፣ ጫካው ከደጃችን በሚጀምር አገር የፕላስቲክ ቅጠል ተከራይተን ፎቶ እንነሳለን። መኪኖቹ ጥሩንባ እያሰሙ ከሚዛን አማን ደርሰው ይመለሳሉ፤ በእግር የሚኬድ መንገድ ነው።

ከሐምሌ 2016 ወዲህ ደግሞ ነገሩ ብሷል። የውጭ ምንዛሪ ተመኑ ለገበያ ሲለቀቅ አንድ ዶላር ከ57 ብር ገደማ ተነስቶ በሳምንታት ውስጥ ከ100 ብር አለፈ። ቬሎ፣ ሱፍ፣ መዋቢያ፣ ካሜራ፣ የዲኮር ጨርቅ፣ ሁሉም ከውጭ የሚገባ ነው። ሽንኩርት የምትልጠው ጎረቤት ግን በዶላር አትተመንም።

«አንድ ቀን ነው እኮ፣ በቃ ይውጣልን» ይሉኛል። እኔም የምለው እሱን ነው፣ አንድ ቀን ነው። ለአንድ ቀን የሚሆን ነገር በአንድ ቀን አቅም ይደረግ። ዓመት ሙሉ የሚከፈል ከሆነማ አንድ ቀን መሆኑ ቀረ።

ፎቶ አትነሱ አላልኩም። ከዘመዶቻችሁ መካከል ጥሩ ስልክና ጥሩ ዓይን ያለው ሰው አይጠፋም። እኔን የሚያናድደኝ ካሜራው ሠርጉን ማዘዝ መጀመሩ ነው። ቪዲዮ አንሺው «እንደገና ግቡ» ሲል ሙሽሮቹ ወጥተው እንደገና ይገባሉ፤ የሚመርቁ አባት ደግሞ እጃቸውን ዘርግተው ይጠብቃሉ። ያን ምርቃት ማን ነው የሚያቋርጠው? እኛው ከፍለን ያመጣነው ሰው!

«ሁሉም ጥር ላይ ነው፤ እኛስ?»

ጥር የሚጨናነቅበት ምክንያት አለው። ከገና በኋላ ዐቢይ ጾም እስኪገባ ያለው ጊዜ ለኦርቶዶክሱ ክፍት ነው። ቡናው ተለቅሞ ገንዘብ የሚገባበት ወቅትም ነው፣ ዝናቡም ፋታ ይሰጣል። ግን ሁሉም በአንድ ወር ሲጋባ ሰንጋው፣ አዳራሹ፣ መኪናው፣ ሁሉም ይወደዳል። ጾሙ የማይመለከታችሁ ሌላ ወር ምረጡ። የሚመለከታችሁም ከፋሲካ በኋላ ጊዜ አላችሁ። በዚህ ጉዳይ ላይ ሌላ የምለው የለኝም።

«ገንዘቡን ከየት እናምጣ?»

ትልቁ ጥያቄ ይህ ነው፤ ብዙዎች ግን የሚጠይቁት ካርዱ ከታተመ በኋላ ነው።

ሦስት ምንጭ አይቻለሁ። አንዱ ዕቁብ ነው። ሁለተኛው የዘመድ ብድር። ሦስተኛው ደግሞ ያልተለቀመ ቡና ነው፤ ፍሬው ገና ዛፍ ላይ እያለ ከነጋዴ ገንዘብ መውሰድ። የዚህ አገር ልጅ ሁሉ ይህን ያውቃል። የዓረቢካ ቡና ዓለም አቀፍ ዋጋ የሚጠራው ኒውዮርክ ነው። እኛ እዚህ ድንኳን ስንተክል እዚያ ዋጋው ወርዶ ሊያድር ይችላል። የተበላው ሰንጋ ግን ተመልሶ አይቆምም።

አንድ ጊዜ ጥር ላይ ያገባ አባላችን ሰኔ ላይ ዕቁብ መጣል አቆመ። ስልኩ አይነሳም። ዋሱ ሲጨነቅ የሚስቱን ቁጥር ፈልጌ ደወልኩ። «የምን ዕቁብ?» አለችኝ። አምስት ወር አብረው ኖረዋል። የለበሰችው ቬሎ፣ የተነሳችበት አዳራሽ፣ የሄደችበት መኪና በምን እንደተከፈለ የሰማችው ከእኔ ነው። ከዚያ በኋላ ወር እየጠበቀች የምትከፍለው እሷ ነበረች፣ ከራሷ ደመወዝ።

«የሱ ዕዳ ነው፣ እሷን ምን አገባት?» የሚል ይኖራል። ያገባታል። በተሻሻለው የፌዴራል የቤተሰብ ሕግ፣ በአዋጅ ቁጥር 213/1992፣ የአንደኛው ተጋቢ ዕዳ መጀመሪያ ከግል ንብረቱ ይከፈላል፤ የግል ንብረት ከሌለው ግን ከጋራ ንብረቱ ይከፈላል። ተጋቢዎቹ በየግል ጥረታቸው የሚያገኙት ገቢ ደግሞ የጋራ ነው። ደመወዟም ማለት ነው። ይህ አዋጅ በቀጥታ የሚሠራው በአዲስ አበባና በድሬዳዋ ነው፤ ክልሎች የየራሳቸውን የቤተሰብ ሕግ ያወጣሉ፣ ስለዚህ የእኛን ዝርዝር ከፍርድ ቤት ወይም ከሕግ ባለሙያ ጠይቁ። ሕጉን ብንተወውም ኑሮው ያው ነው። አንድ ጎጆ ውስጥ ያለ ዕዳ አንድ ድስት ላይ ነው የሚያርፈው።

እና የምለው አጭር ነው። ሠርጉ በእጃችሁ ባለው ገንዘብ ይሁን። ከዚያ ውጭ ያለው ይቅር። በእጃችሁ ያለው ለአንድ በሬና ለቡና ብቻ ከበቃ ሠርጉ አንድ በሬና ቡና ነው።

«ስለ ገንዘብ ማውራት ነውር አይደለም?»

ይህ ነውር ከየት እንደመጣ አስቡት። እናቶቻችን ብዙዎቹ ሲዳሩ ይሠራ የነበረው የ1952ቱ የፍትሐ ብሔር ሕግ ነው። እዚያ ላይ ባል የቤተሰቡ ራስ ነው ተብሎ ተጽፏል፣ ሚስት ትታዘዘዋለች ተብሎም ተጽፏል። ትዕዛዝ ባለበት ቤት «ስንት አለህ? ስንትስ አለብህ?» ተብሎ አይጠየቅም። ያ ድንጋጌ ተሽሯል። ሕገ መንግሥቱ በአንቀጽ 34 ባልና ሚስት በጋብቻ አፈጻጸም፣ በጋብቻው ዘመንና በፍቺ ጊዜ እኩል መብት አላቸው ይላል። ሕጉ ተለውጦ ዝምታው ብቻ ቀረ።

ደግሞ የሚገርመው ነውሩ መራጭ ነው። ሽማግሌዎች ቁጭ ብለው ጥሎሽ ሲቆርጡ ስለ ገንዘብ ይወራል፣ ይጨመራል፣ ይቀነሳል፣ አንዳንዴም ያኮርፋሉ። ማንም ነውር አይለውም። የሚጋቡት ሁለቱ ራሳቸው ሲያወሩ ነው «ፍቅራችሁን በብር ትለኩታላችሁ?» የሚባለው። እንዴ! ዕዳውን የሚከፍሉት እነሱ አይደሉም እንዴ?

አያቶቻችን እንኳ እንዲህ የዋህ አልነበሩም። «በሰማንያ መጋባት» ስንል ስለ ውል ነው የምናወራው፤ ምስክር ነበረው፣ ዋስ ነበረው። ዛሬም የፌዴራሉ ሕግ ተጋቢዎች በሠርጋቸው ቀን ወይም ከዚያ በፊት ስለ ንብረታቸው በጽሑፍ እንዲዋዋሉ ይፈቅዳል። የሚጠየቀው አራት ምስክር ነው፣ ሁለት በሷ በኩል፣ ሁለት በሱ በኩል። አራት ሚዜ መርጦ ተመሳሳይ ሱፍ ማልበስ የቻለ ሰው አራት ምስክር አያጣም። በቤተ ክርስቲያን ተጋቡ፣ በመስጊድ ተጋቡ፣ በባህል ተጋቡ፣ ጋብቻችሁንም በወሳኝ ኩነት አስመዝግቡ። ስንቱ ባልና ሚስት ነው የሠርግ ቪዲዮው በሦስት ፍላሽ ተቀምጦ የጋብቻ የምስክር ወረቀት የሌለው።

«ሰው ምን ይላል?»

ይላል። ካርድ ያልደረሰው ይላል፣ ወጡ ጨው በዛበት ብሎ ይላል፣ ዲኮር የለም ብሎ ይላል። ግን የትኛው ሰው? ጎረቤታችሁ በልቶ፣ ጠጥቶ፣ መርቆ ወደ ቤቱ ከገባ የሚያወራው ስለ ሥጋው ነው። የሚቀረው ሐሜተኛ ስልክ ላይ ያለው ነው። እሱ ደግሞ ፎቶውን አይቶ፣ ልብ ሰጥቶ፣ በጣቱ ወደ ሌላው አለፈ። ለእሱ ብላችሁ ነው እንግዲህ ቡናችሁን በአበባው የምትሸጡት።

ወላጆች ይህን ሲሰሙ ሊከፋቸው ይችላል። ያስቡላችሁ እንጂ ሊጎዷችሁ ፈልገው አይደለም። «እማዬ፣ ያንቺን ሰው አንዱንም አልቀንስም፣ የምቀንሰው መኪናውንና መጋረጃውን ነው» ብላችሁ ጀምሩ። ብዙ እናቶች የሚፈሩት ባልንጀሮቻቸው ሳይጠሩ እንዳይቀሩ ነው፤ ለመጋረጃው ያን ያህል ግድ የላቸውም።

ሽማግሌ ከመላኩ በፊት አንድ ማታ ሁለታችሁ ተቀመጡ። ሁለት ቁጥር በወረቀት ጻፉ፤ ያለኝ ይህ ነው፣ ያለብኝ ይህ ነው። ወረቀቱን ተለዋወጡ። ከባድ ማታ ሊሆን ይችላል፣ ግን ሰኔ ላይ ከማላውቃት ሴት በስልክ ከመስማት ይሻላል።

የእኛ ዕቁብ ውስጥ ያላችሁ ደግሞ፣ ለሠርግ ብላችሁ ተራ ልትለዋወጡ ከፈለጋችሁ አልከለክልም። ግን ለመፈረም ሁለታችሁም ኑ።