ከካልኩሌተሩ በፊት ሥዕሉ

ዛሬ የማነሳው ልጆቻችን ማታ ማታ ደብተር ዘርግተው የሚተክዙበትን አንድ የሂሳብ ትምህርት ነው። ስሙ ያስፈራል፤ ሬክታንጉላር ኮኦርዲኔትን ወደ ፖላር መለወጥ ይባላል። ነገሩ ግን ለእኛ እንግዳ አይደለም።

ቤታችሁን ለሚጠይቅ ሰው «3 ኪሎ ሜትር ወደ ምሥራቅ፣ ከዚያ 4 ኪሎ ሜትር ወደ ሰሜን» ልትሉት ትችላላችሁ። ወይም በእጃችሁ እያሳያችሁ «በዚህ አቅጣጫ ቀጥ ብለህ 5 ኪሎ ሜትር» ትሉታላችሁ። ቦታው ያው ነው። የመጀመሪያው አነጋገር ሬክታንጉላር፣ ሁለተኛው ፖላር ነው። ፖላር የሚፈልገው ርቀትና ማዕዘን ብቻ ነው።

ለርቀቱ 3 በ3 ሲባዛ 9፣ 4 በ4 ሲባዛ 16፤ ድምሩ 25፣ ስኩዌር ሩቱ 5 ነው። ለማዕዘኑ 4ን ለ3 አካፍሎ በካልኩሌተሩ የታንጀንትን ተገላቢጦሽ መጫን ነው፤ ከምሥራቅ ተነስቶ ወደ ሰሜን 53 ዲግሪ ገደማ ይሆናል። 0.93 ካሳየ አልተበላሸም፤ ራዲያን በተባለው መለኪያ ላይ ስለሆነ ወደ ዲግሪ ይመለስ።

ልጆች የሚሳሳቱት ከዚህ ቀጥሎ ነው። ጉዞው 3 ወደ ምዕራብ፣ 4 ወደ ሰሜን ቢሆንስ? ምዕራብ በኔጌቲቭ ስለሚጻፍ ካልኩሌተሩ ኔጌቲቭ 53 ይላል። ይህ ደግሞ ወደ ደቡብ ምሥራቅ የሚወስድ፣ ፍጹም ተቃራኒ መንገድ ነው። ማሽኑ የሚያየው የማካፈሉን ውጤት እንጂ የትኛው ቁጥር ኔጌቲቭ እንደነበረ አይደለም። ስለዚህ የምሥራቅ-ምዕራቡ ቁጥር ኔጌቲቭ ሲሆን 180 ይደመራል፤ ትክክለኛው መልስ 127 ዲግሪ ገደማ ነው።

«ይህ ለምን ይጠቅማል?» ለሚል ልጅ ከነርስነት ሙያዬ መልስ አለኝ። በልብ ምርመራ ኢሲጂ ላይ የልብ ኤሌክትሪክ በአብዛኛው ወዴት እንደሚያመራ የሚገመተው በዚሁ ስሌት ነው። ሊድ አንድ የተባለው ወደ ጎን ያለውን፣ ኤቪኤፍ የተባለው ወደ እግር ያለውን ይለካሉ። በአዋቂ ሰው ከኔጌቲቭ 30 እስከ 90 ዲግሪ እንደ ጤናማ ይቆጠራል። ሊድ አንድ ኔጌቲቭ 3፣ ኤቪኤፍ 4 ቢሆን፣ ካልኩሌተሩን ብቻ ያመነ ሰው ኔጌቲቭ 53 አግኝቶ «ወደ ግራ አዘንብሏል» ይላል። እውነቱ ግን 127፣ ወደ ቀኝ ያዘነበለ ነው። የግራና የቀኝ መንስኤያቸው ስለሚለያይ ስህተቱ ሐኪሙን ወደ ሌላ በሽታ ፍለጋ ይመራል። ለዚህ ነው ባለሙያ ቁጥር ከማስላቱ በፊት መስመሩ ወደ ላይ ነው ወደ ታች ብሎ በዓይኑ የሚያየው።

እናንተም ሂሳቡን ባታውቁት ልጁን ሦስት ነገር ጠይቁት። «ነጥቡን በሥዕል አሳየኝ። በየትኛው ወገን ነው ያለው? ያገኘኸው ማዕዘን ወደዚያው ያመለክታል?» ሦስተኛው ጥያቄ ላይ ዝም ካለ ስህተቱን ራሱ አግኝቶታል ማለት ነው፤ ትንሽ ታገሱትና ያርመው። የመጀመሪያው ቁጥር 0 ሆኖ ካልኩሌተሩ እምቢ ሲልም ሥዕሉን ይመልከት፤ ነጥቡ ቀጥ ብሎ ወደ ላይ ከሆነ 90 ዲግሪ ነው።

ማሽን ያለውን ሁሉ ከመቀበል በፊት በዓይን ማመሳከር ከፈተናው በኋላም የሚያገለግል ልማድ ነው።